አውሬዎችን በመድረክ ያናገሩት ፊታውራሪ

አፄ ምኒልክ በእንጦጦ ማርያም ዘውድ ከመጫናቸው 5 ዓመት ገደማ አስቀድሞ፣ በ1876 ዓ.ም.፣ ፊታውራሪ ተክለ ሐዋርያት ተክለ ማርያም በሰሜን ሸዋ ሰያደብር ተወለዱ። ሐረር በራስ መኰንን ቤት አደጉ፤ ገና በልጅነታቸው ዓድዋ ዘመቱ። ከድሉ በኋላ ሩሲያ ተሻግረው የመድፈኛነት ትምህርት ተማሩ።

ከብዙ ዓመት በኋላ ሲመለሱ ጉቦና አድልዎ የአስተዳደሩ ልማድ ሆኖ አገኙት። ይህን በግልጽ መናገር ቀላል አልነበረምና በ1910ዎቹ «ፋቡላ፦ የአውሬዎች ኮመዲያ» የተሰኘውን ተውኔት ጻፉ። የመጀመሪያው የኢትዮጵያ ዘመናዊ ቴአትር ተብሎ የሚቆጠረው ይህ ነው። በመድረኩ ላይ የሚነጋገሩት አውሬዎች ናቸው፤ ማታ እሳት ዳር ለልጆች እንደሚነገረው ተረት ዓይነት። ሆኖም ተመልካቾቹ መኳንንት አውሬዎቹ እነማን እንደሆኑ አልጠፋቸውም። ንግሥት ዘውዲቱ ተውኔቱን አገዱ፤ ቅጂዎቹም ተሰበሰቡ። አንድ ተረት ይህን ያህል ማስፈራቱ ራሱ ምስክር ነው።

የሹመታቸው ነገር ረጅም ነው። ጨርጨርን አስተዳደሩ፤ አሰበ ተፈሪን ቆረቆሩ፤ የገንዘብ ሚኒስትር ሆኑ፤ የ1923ቱን ሕገ መንግሥት አረቀቁ። ኢጣሊያ ለወረራ ስትዘጋጅም በጄኔቭ በመንግሥታት ማኅበር ፊት ስለ አገራቸው ተሟገቱ።

ከወረራው በኋላ ለረጅም ዘመን በማዳጋስካር በስደት ቆዩ። ወደ አገራቸው ሲገቡ ቤተ መንግሥቱን ትተው ሂርና ላይ እርሻ ያዙ። በ1969 ዓ.ም. አረፉ። በእጃቸው ጽፈው የተዉት የሕይወት ታሪካቸው መጽሐፍ ሆኖ የታተመው ከ30 ዓመት በኋላ፣ በ1999 ዓ.ም. ነው።