ከልጆች አፍ የተማረው ኮርኔይ ቹኮቭስኪ

ታናሽ ወንድሜ የሦስት ዓመት ልጅ ሳለ ውሻችንን ና በማለት ፈንታ ምጣ እያለ ይጠራው ነበር። ቤተሰቡ ይስቅበታል፤ እኔም አብሬ እስቅ ነበር። ልጁ ግን ብላንና ስማን ሰምቶ፣ በራሱ ሕግ አውጥቶ መሥራቱ ነበር። ይህ የገባኝ ስለ ሩሲያዊው ደራሲ ስለ ኮርኔይ ቹኮቭስኪ ካነበብኩ በኋላ ነው። እኛ እጩ መምህራን ይህን ሰው ብናውቀው ይጠቅመናል ብዬ አሳጥሬ አቀርበዋለሁ። ዓመቶቹ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ቹኮቭስኪ በ1882 በሴንት ፒተርስበርግ ተወለደ። አባቱ ጥሏቸው ስለሄደ እናቱ በኦዴሳ ከተማ የሰው ልብስ እያጠበች አሳደገችው። በ1887 የዛሩ መንግሥት የወጥ ቤት ሠራተኛ፣ የሠረገላ ነጂና የልብስ አጣቢ ልጆች ወደ ጂምናዚየም እንዳይገቡ የሚል መመሪያ አውጥቶ ነበር። ቹኮቭስኪም በዝቅተኛ ትውልዱ ምክንያት ከትምህርት ቤት ተባረረ። ይህን የልጅነት ቁስሉን በስተርጅና «የብር ዓርማ» በሚል መጽሐፍ ጽፎታል። ስሙ የተወሰደው በተማሪዎቹ ቆብ ላይ ከሚደረገው ዓርማ ነው።

ታዲያ ተባረርኩ ብሎ እጁን አጣጥፎ አልተቀመጠም። እንግሊዝኛን ከመጽሐፍ ብቻ ለብቻው አጠና፤ በ1903 የኦዴሳ ጋዜጣ ወኪል ሆኖ ለንደን ሄደ። ለልጆች መጻፍ የጀመረው ደግሞ እንዲሁ በአጋጣሚ ነው። በባቡር ሲጓዝ የታመመ ልጁን ለማባበል ስለ አዞ ግጥም ገጠመ፤ ግጥሙም በ1917 ታተመ።

ትልቁ ሥራው በ1928 «ትንንሽ ልጆች» ተብሎ ወጣ፤ በኋላ «ከሁለት እስከ አምስት» ተባለ። ወላጆችና አስተማሪዎች የልጆችን አነጋገር በደብዳቤ ይልኩለት ስለነበር መጽሐፉ በየእትሙ እየወፈረ ሄደ። አንዱ ሕፃን ራሰ በራ ሰው አይቶ ጭንቅላቱ ባዶ እግሩን ነው ማለቱን ጽፏል። እንግዲህ ልጅ በቀቀን አይደለም፤ የሰማውን ብቻ አይደግምም፤ ከሰማው ውስጥ ሰዋስው ይፈለቅቃል። ውሻ ሚያው ይላል ብሎ የሚስቅ ልጅም ተሳስቶ ሳይሆን እውነቱን ስለሚያውቅ ነው የሚጫወተው፤ ይህ የቹኮቭስኪ እምነት ነበር።

ነገሩ ግን አልጋ በአልጋ አልሆነለትም። በዚያው በ1928 ናዴዥዳ ክሩፕስካያ በፕራቭዳ ጋዜጣ የአዞውን ተረት ነቀፈች። ተረት ልጅን ያበላሻል የሚሉ ተነሡበት፤ በ1929 መጨረሻም የገዛ ተረቶቹን የሚክድ ደብዳቤ አወጣ። በ1931 ብዙ ግጥም የጻፈላት ልጁ ሙራ በ11 ዓመቷ በቲቢ በሽታ ሞተች። ወንዱ ልጁ ቦሪስም በ1941 በጦርነት ወደቀ።

ይሁን እንጂ ተረቶቹ ከልጆች አፍ አልጠፉም። በ1957 በሚኖርባት በፔሬዴልኪኖ መንደር ለአካባቢው ሕፃናት ቤተ መጻሕፍት ሠራ። በ1962 የኦክስፎርድ ዩኒቨርሲቲ የክብር ዶክትሬት ሰጠው፤ ያ ከጂምናዚየም የተባረረው የልብስ አጣቢዋ ልጅ ማለት ነው! በ1969 በ87 ዓመቱ አረፈ።

ነገ ክፍል ስንገባ ልጅ ሲሳሳት ማረም ግዴታችን ነው፤ ቹኮቭስኪም አታርሙ አላለም። ብቻ ከመሳቃችን በፊት ይህ ልጅ የትኛውን ሕግ ተከትሎ ነው ብለን እንጠይቅ። የተሳቀበት ልጅ ሁለተኛ አፉን አይከፍትም፤ አፉን ካልከፈተ ደግሞ ምኑን እናስተምረዋለን?