አክሊሉ ለማ እና ከወንዝ የሚነሣው የፕላትሌት ማነስ

ዶክተር አክሊሉ ለማ የደም ሐኪም አልነበሩም፤ ሥራቸው ግን ለደም ተመራማሪ ባዕድ አይደለም። የፕላትሌት ማነስ ሁልጊዜ ከመቅኒ አይመነጭም። የቢልሃርዝያ እንቁላል ጉበትን ሲያጠብስ ወደ ጉበት የሚገባው ደም ይታገዳል፤ ጣፊያ ያብጥና ፕላትሌቶችን በውስጡ ያስቀራል። የጉሮሮ ደም ሥር ከፈነዳ ታማሚው ደም እየተፋ ለሞት ይቃረባል። ፕራዚኳንቴል ትሉን ይገድላል እንጂ የቆየውን ጠባሳ እምብዛም አይሽርም። እንግዲህ ከሀብሩ ቆላ ጣፊያው አብጦ ወልድያ ለሚደርስ ወጣት፣ ከመቅኒ ምርመራ አስቀድሞ የሚዋኝበትን ወንዝ መጠየቅ ይገባል።

አክሊሉ እ.ኤ.አ. በ1964 ዓድዋ ላይ፣ ሴቶች በእንዶድ ልብስ ከሚያጥቡበት ስፍራ ዝቅ ብሎ የሞቱ ቀንድ አውጣዎችን አዩ፤ ትሉ ወደ ሰው ከመተላለፉ በፊት የሚራባው በእነዚሁ ውስጥ ነው። እናቶች ለሳሙና ብቻ የሚያውቁት ፍሬ የምርምር ርእስ ሆነ። ከ1969 እስከ 1974 በዚያው ከተማ በተካሄደው ሙከራ ከ1 እስከ 6 ዓመት ባሉ ሕፃናት ላይ የበሽታው ስርጭት ከ50 ወደ 7 በመቶ ወረደ። ይህን የሚያህል ውጤት ይዘው እንኳ የዓለም አቀፍ ተቋማትን ይሁንታ ለማግኘት ብዙ ዓመታት ደከሙ። በ1989 ከዶክተር ለገሠ ወልደ ዮሐንስ ጋር የራይት ላይቭሊሁድ ሽልማትን ተቀበሉ፤ በ1997 ዐረፉ። የመሠረቱት የፓቶባዮሎጂ ተቋም በስማቸው ይጠራል።