ድልድይ ሠሪው ሙሴ አልፍሬድ ኢልግ

ድልድይ ሁለት ዳርቻዎችን የሚያገናኝ መሸጋገሪያ መሆኑን የማያውቅ የለም። ዛሬ ግን ድልድይ የሚሠራው በወንዝ ላይ ብቻ አይደለም። በሺሺንዳ ወይም በቦንጋ በሚገኝ መሥሪያ ቤት በጠረጴዛ ላይ የተቀመጠ አንድ ኮምፒዩተር በአንድ ወገን በሽቦ ከመሥሪያ ቤቱ መረብ ጋር፣ በሌላ ወገን ያለ ሽቦ ከሌላ መረብ ጋር ሊያያዝ ይችላል። እነዚህን ሁለት መረቦች አንድ የማድረጉ ሥራ በባለሙያዎች ቋንቋ ብሪጅ፣ ማለትም ድልድይ ይባላል። ሥራውን የሚፈጽሙትም ከኮምፒዩተሩ ኦፐሬቲንግ ሲስተም ጋር አብረው የሚመጡ፣ ፕሮግራሞች በጋራ የሚገለገሉባቸው የቤተ መጻሕፍት ፋይሎችና ከእነሱ ጋር የሚሠሩ ድራይቨሮች ናቸው። ዊንዶውስ በሚባለው ሲስተም ይህ ድልድይ ለተራው ተጠቃሚ የቀረበው ዊንዶውስ ኤክስፒ በወጣበት በ1994 ዓ.ም. ነበር።

እነዚህ ፋይሎች በዓይን አይታዩም፤ አመስጋኝም የላቸውም። ከአንዱ ወገን የመጣውን መልእክት አድራሻ ይመለከታሉ፤ ተቀባዩ በየትኛው ዳር እንዳለ ይመዘግባሉ፤ መሻገር የሚገባውን ያሻግራሉ፤ እዚያው መቅረት የሚገባውን ይተዋሉ። ስለዚህ ሥራ ስናስብ፣ ኢትዮጵያን ከቀረው ዓለም ጋር ለማገናኘት ከሃያ አምስት ዓመት በላይ የደከሙት የስዊሱ መሐንዲስ የሙሴ አልፍሬድ ኢልግ ታሪክ ትዝ ይለናል። የካፋ ተማሪና ወጣት ሠራተኛ ይህን ታሪክ በተለይ ሊያውቀው ይገባል። ምክንያቱም በሙሴ ኢልግ ሕይወት ውስጥ ካፋን የሚነኩ ሁለት ነገሮች አሉ፤ እነሱም አንድ ዘውድና አንድ ያልተሠራ የባቡር ሐዲድ ናቸው።

ሙሴ ኢልግ የተወለዱት በ1846 ዓ.ም. በስዊስ አገር ፍራውንፌልድ በምትባል ከተማ ነው። ሀብት ከሌለው ቤት ቢወለዱም በትጋታቸው እስከ ዙሪኩ ከፍተኛ የቴክኒክ ትምህርት ቤት ደርሰው በምሕንድስና ተመረቁ። በዚያው ሰሞን የሸዋው ንጉሥ ምኒልክ ልዩ ልዩ ሙያ የሚያውቅ አውሮፓዊ ይፈልጉ ስለ ነበር፣ ወጣቱ መሐንዲስ ሁለት የአገራቸውን የእጅ ባለሙያዎች አስከትለው ጉዞ ጀመሩ። ያን ጊዜ ከባሕሩ ዳርቻ እስከ ሸዋ ያለው መንገድ በግመልና በበቅሎ ወራት የሚፈጅ፣ በረሃውም ሕይወት የሚያስከፍል ነበር። በ1871 ዓ.ም. አንኮበር በደረሱ ጊዜ ዕድሜያቸው ገና ሃያ አምስት አልሞላም ነበር።

ንጉሡ አዲሱን ባለሙያ በመጀመሪያ የፈተኗቸው ጫማ እንዲሠሩ በማዘዝ እንደ ሆነ ይነገራል። ሙሴ ኢልግ ሙያዬ አይደለም ብለው አልተመለሱም፤ ጫማውን ሠርተው አቀረቡ። ቀጥሎም ጠመንጃ እንዲሠሩ ታዘዙ፤ ከውጭ አገር ማስመጣቱ እንደሚሻል ቢያስረዱም ትእዛዙን ፈጽመው አሳዩ ይባላል። ከዚህ ሁሉ የምንማረው የተማረ ሰው በመጀመሪያ የሚፈተነው በዲፕሎማው ሳይሆን በእጁ መሆኑን ነው።

ትልቁ ሥራቸው የመጣው ከዚህ በኋላ ነው። የአዋሽ ወንዝ በክረምት በሞላ ጊዜ ነጋዴውንም መልእክተኛውንም ያግድ ነበር። ሙሴ ኢልግ በ1870ዎቹ ዓመታት በዚህ ወንዝ ላይ ድልድይ ሠሩ። ሠረገላ በሌለበት አገር የድልድዩ ዕቃ ሁሉ በሰው ኃይል ተጓጉዞ ከቦታው የደረሰ ነው። ስለዚህ የመሐንዲሱ ስም ሲነሣ፣ ስማቸው ያልተጻፈው ተሸካሚዎችም አብረው ሊታሰቡ ይገባል።

አዲስ አበባ ከተቆረቆረች በኋላ ደግሞ በ1886 ዓ.ም. የእንጦጦን የምንጭ ውሃ በቧንቧ ወደ ቤተ መንግሥቱ አስገቡ። ውሃ ሽቅብ ወደ ግቢ ሊወጣ አይችልም ብለው የተከራከሩ ብዙዎች እንደ ነበሩ፣ ውሃው ሲፈስ ግን ክርክሩ እንዳበቃ ይተረካል። ስልክም በቤተ መንግሥት በተሞከረ ጊዜ የሰይጣን ሥራ ነው ያሉ እንደ ነበሩ ይነገራል። ዳግማዊ ምኒልክ ግን መልእክት በአንድ ቀን የሚደርስበት አገርና መልእክት በወር የሚደርስበት አገር እኩል ሊተዳደሩ እንደማይችሉ ተረድተው ነበርና አልተበገሩም። ሙሴ ኢልግም አማርኛ አጥርተው የሚያውቁ ስለ ሆኑ፣ ከመሐንዲስነታቸው ሌላ የውጭ ጉዳይ አማካሪ ሆኑ። የውጫሌ ውል ክርክር ባስነሣ ጊዜ ለንጉሠ ነገሥቱ በምክር አገለገሉ፤ ከዐድዋ ድል በኋላም በ1889 ዓ.ም. የመንግሥት አማካሪ ተብለው ከፍ ያለ ማዕርግ ተሰጣቸው።

በ1886 ዓ.ም. ንጉሠ ነገሥቱ የባቡር ሐዲድ እንዲሠሩ ለሙሴ ኢልግ የ99 ዓመት ፈቃድ ሰጧቸው። ፈረንሳዊው ሙሴ ሊዮን ሼፍኔም በዚህ ሥራ ባልደረባቸው ነበሩ። ፈቃዱ ሦስት ክፍል ነበረው። የመጀመሪያው ከጅቡቲ እስከ ሐረር፣ ሁለተኛው ከሐረር እስከ እንጦጦ፣ ሦስተኛው ከእንጦጦ ተነሥቶ ወደ ካፋና ወደ ነጭ ዓባይ የሚደርስ ነበር። እንግዲህ ልብ እንበል፤ ይህ ፈቃድ በተጻፈ ጊዜ ካፋ ገና በራሷ ንጉሥ ትተዳደር ነበር። የቡናዋና የሌላውም ሀብቷ ዝና ግን አስቀድሞ በመሐንዲሶች ካርታ ላይ አስገብቷታል።

ከሦስት ዓመት በኋላ በ1889 ዓ.ም. ራስ ወልደ ጊዮርጊስ ወደ ካፋ ዘመቱ። ካፋዎች በጥልቅ ጉድጓድና በበር ጥበቃ የታጠረውን አገራቸውን ለወራት ተከላከሉ፤ በመጨረሻም ንጉሡ ጋኪ ሸሮቾ ተያዙ። ጦርነቱ በካፋ ሕዝብ ላይ ያደረሰው ጥፋት ከባድ ነበር፤ ይህን ሳይጠቅሱ ማለፍ ታሪክን ማጉደል ነው። የካፋ ነገሥታት ዘውድም ከአገሩ ወጣ። ዳግማዊ ምኒልክ ዘውዱን ለሙሴ ኢልግ አደራ ሰጧቸውና ወደ ዙሪክ ተወሰደ። ከብዙ ዓመታት በኋላ በቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ዘመነ መንግሥት ወደ ኢትዮጵያ ተመለሰ። ስለዚህ ካፋ ከሙሴ ኢልግ ጋር የተገናኘችው ሐዲዱ ሳይደርሳት ዘውዷ በመሄዱ ነው ለማለት እንችላለን። አዲስ መንገድ ሲከፈት ምን እንደሚገባበት ብቻ ሳይሆን ምን እንደሚወጣበትም መጠየቅ እንዳለበት ይህ ታሪክ ያስረዳል።

የሐዲዱ ሥራ በ1890 ዓ.ም. ከጅቡቲ ተጀመረ። ገንዘብ ግን አጠረ። በ1894 ዓ.ም. የፈረንሳይ መንግሥት ለኩባንያው ገንዘብ የሚሰጥበትን፣ በምትኩም በኩባንያው ላይ ሥልጣን የሚያገኝበትን ውል ተዋዋለ። ንጉሠ ነገሥቱ ይህን በሰሙ ጊዜ እጅግ ተቆጡ፤ ፈቃዱን የሰጡት ለነጋዴ ኩባንያ እንጂ ለባዕድ መንግሥት አልነበረምና። ባቡሩ በ1895 ዓ.ም. ድሬዳዋ ደርሶ ለዓመታት እዚያው ቆመ። እንግሊዝ፣ ፈረንሳይና ኢጣልያም ስለ ኢትዮጵያ ኢትዮጵያ ሳትኖርበት መመካከር ያዙ፤ ምክራቸውም በ1899 ዓ.ም. የሦስትዮሽ ውል ሆኖ ወጣ። ሙሴ ኢልግ በዚህ ክርክር መካከል ወደ ፈረንሳይ ያደላሉ ተብለው ተጠረጠሩ፤ ተሰሚነታቸውም ቀነሰ። የመጡት ድልድይ ሊሠሩ ነበር፤ በመጨረሻ ግን ከሁለቱም ዳር የሚጎተት ሰው ሆኑ። ወደ አገራቸውም ተመልሰው ሥራቸውን ለቀቁ።

በ1908 ዓ.ም. ዙሪክ ውስጥ ዐረፉ። ባቡሩ አዲስ አበባ የገባው በ1909 ዓ.ም. ነበርና፣ ፈቃዱን የተቀበሉት መሐንዲስ የሥራቸውን ፍጻሜ ሳያዩ ቀሩ። ሦስተኛው ክፍል ግን ከወረቀት አልወጣም። በ2009 ዓ.ም. ከአዲስ አበባ ጅቡቲ አዲስ የኤሌክትሪክ ባቡር ተመርቋል፤ ወደ ካፋ የሚደርስ ሐዲድ ግን ዛሬም የለም። የሺሺንዳ ቡና ወደ ገበያ የሚወርደው በመኪና መንገድ ነው።

ከዚህ ሕይወት ወጣት ሠራተኛ የሚያገኘው ትምህርት ብዙ ነው። ዛሬ ሐዲድ ባልደረሰበት ስፍራ መረብ ደርሷል፤ በአንድ ኮምፒዩተር ላይ ሁለት መረቦችን ማገናኘትም ጥቂት ደቂቃ ብቻ የሚፈጅ ሥራ ሆኗል። ቀላል በመሆኑ ግን ሊናቅ አይገባም። ድልድዩ ከተዘረጋ በኋላ ሁለቱ መረቦች አንድ ናቸው፤ የኮምፒዩተሩ ድልድይ አድራሻን እንጂ የመልእክቱን ጠባይ አይመረምርምና፣ በአንዱ ወገን ያለ ቫይረስ ወደ ሌላው ለመሻገር መንገድ ያገኛል። ሁለት መረቦች በሁለት ድልድዮች ቢገናኙ ደግሞ መልእክቱ ክብ እየዞረ መረቡን እስከ ማቆም ያጨናንቃል። ይህን ለመከላከል ወይዘሮ ራዲያ ፐርልማን የተባሉ አሜሪካዊት ባለሙያ በ1970ዎቹ ዓመታት ትርፉን መንገድ ለይቶ የሚዘጋ ዘዴ አውጥተዋል።

እንግዲህ የመሥሪያ ቤትን መረብ ከሌላ መረብ ጋር ከማያያዝ በፊት ፈቃድ መጠየቅ፣ በወዲያኛው ዳር ማን እንዳለ ማወቅ፣ የተሠራውንም መዝግቦ ለተተኪ ማስተላለፍ ያስፈልጋል። ዳግማዊ ምኒልክ በባቡሩ ጉዳይ ያስቆጣቸው በወዲያኛው ዳር ሳያስቡት ሌላ ጌታ መገኘቱ ነበር። ሙሴ ኢልግን ከማድነቅ ጋር ይህን የንጉሠ ነገሥቱን ጥንቃቄ አብሮ የሚማር ወጣት፣ ለመሥሪያ ቤቱም ለአገሩም የሚታመን ድልድይ ሠሪ እንደሚሆን እናምናለን።